የአቤሜሌክ በለስ

ባለፈው ክረምት የአሥራ ሁለት ዓመቱ የእህቴ ልጅ በደብተሩ ላይ የሣለውን አንድ ምናባዊ ዓለም አሳየኝ። ወንዝ፣ ተራራ፣ ከተማና በረሓ ያለው፣ በቀይ እስክሪብቶ የተከበቡ ቦታዎች እዚህም እዚያም የተበተኑበት ካርታ ነው። ቀዮቹ ክቦች ምን እንደሆኑ ስጠይቀው «የጊዜ ኪሶች ናቸው» አለኝ። በአንዱ ኪስ ውስጥ ጊዜ ቆሟል፤ በሌላው ወደ ኋላ ይሄዳል፤ በሦስተኛው ደግሞ አንድ ቀን ያደረ ሰው ሲወጣ ልጆቹን አርጅተው ያገኛቸዋል። ሲያስረዳኝ በአድናቆት አዳመጥኩትና «ለመሆኑ ኪሱ ውስጥ ያሉት ሰዎች ኪስ ውስጥ መሆናቸውን በምን ያውቃሉ?» ብዬ ጠየቅሁት። ጥቂት አሰበና «አያውቁም እኮ ጋሼ! ችግሩ እሱ ነው» አለኝ።

ይህ መልስ ለብዙ ቀናት ከአእምሮዬ አልወጣም። ልጁ ተረት መፍጠሩ ነበር፤ እኔ ግን ዕድሜዬን ከታሪክ መጻሕፍት ጋር የፈጀሁ በመሆኔ ካርታው ምናባዊ ሆኖ አልታይ አለኝ። እንዲህ ያሉ ኪሶች በእኛው ዓለም ውስጥ ነበሩ፤ ዛሬም አሉ። አንዳንዶቹን ጥንታዊ ትረካ ፈጥሯቸዋል፤ አንዳንዶቹን መንግሥታት በአዋጅ አቁመዋቸዋል፤ አንዳንዶቹን ደግሞ ሰዎች በገዛ እጃቸው ቆፍረው ገብተውባቸዋል። ውድ አንባቢያን፣ በዛሬው ጽሑፌ የጥቂቶቹን ታሪክ ላወጋችሁ ወድጃለሁ። መነሻዬ ሩቅ ቢሆንም መድረሻዬ ቅርብ መሆኑን ከወዲሁ እናገራለሁ።

ልዩነት መዛባት አይደለም

አስቀድሜ አንድ ነገር ላጥራ። ስለ ጊዜ መዛባት ሲነሣ ብዙ ሰው ወዲያውኑ የሚያስበው የእኛኑ የዘመን አቆጣጠር ነው። መስከረም 1 ቀን 2000 ዓ.ም. አዲሱን ሺህ ዓመት ስንቀበል ሌላው ዓለም መስከረም 12 ቀን 2007 እ.ኤ.አ. ላይ ነበር። ጎብኚዎች በዚህ ይደነቃሉ፤ የጉዞ ወኪሎችም «ኢትዮጵያ ሰባት ዓመት ወጣት የምትሆኑባት አገር» እያሉ ይነግዱበታል። ጉዳዩ ግን ምሥጢርነት የለውም። የእስክንድርያው መነኩሴ አንያኖስ በ5ኛው መቶ ክፍለ ዘመን የክርስቶስን ልደት ያሰላበት መንገድና የሮማው መነኩሴ ዲዮናስዮስ በ6ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ያሰላበት መንገድ ይለያያሉ። እኛ የመጀመሪያውን ይዘን ቀረን፤ አውሮፓ ሁለተኛውን ያዘች። ሰዓታችንም እንዲሁ ነው። ፀሐይ ዓመቱን ሙሉ እምብዛም ሳትዛነፍ በምትወጣበት አገር ቀኑን ከንጋት ጀምሮ መቁጠር የሚገርም ነገር የለውም።

እንዲህ ያለው ልዩነት በስሌት ይቃናል። ሰባት ወይም ስምንት ትደምራለህ፣ ስድስት ሰዓት ትቀንሳለህ፣ ቀጠሮህ ይያዛል። ሁለት ሰዎች በተለያየ መንገድ የሚቆጥር ሰዓት አስረው በአንድ ዘመን ውስጥ ሊኖሩ ይችላሉ። እኔ «ኪስ» የምለው ተቃራኒውን ነው፤ ሁለት ሰዎች አንድ ዓይነት ሰዓት አስረው፣ በአንድ ጠረጴዛ ዙሪያ ተቀምጠው፣ በተለያየ ዘመን ውስጥ የሚኖሩበትን ሁኔታ። ይህን የሚያቃና የመደመርና የመቀነስ ስሌት አልተገኘም።

ስልሳ ስድስት ዓመት የተኛው ሰው

በኢትዮጵያ ኦርቶዶክስ ተዋሕዶ ቤተ ክርስቲያን ከሚነበቡት መጻሕፍት መካከል ተረፈ ባሮክ በመባል የሚታወቅ አጭር መጽሐፍ አለ። የግእዙን ጽሑፍ ጀርመናዊው ሊቅ አውጉስት ዲልማን በ1866 እ.ኤ.አ. አሳትሞታል። በመጽሐፉ ውስጥ ጎልተው ከሚታዩት ሰዎች አንዱ አገራችንን የሚመለከት ነው፤ ኢትዮጵያዊው አቤሜሌክ። ይህ ሰው በትንቢተ ኤርምያስም ተጠቅሷል። ነቢዩ ኤርምያስ በጭቃ ጉድጓድ ውስጥ በተጣለ ጊዜ ንጉሡን አስፈቅዶ፣ ገመዱ ብብቱን እንዳይልጠው አሮጌ ጨርቅ አብሮ አውርዶ፣ ጎትቶ ያወጣው እርሱ ነው።

ተረፈ ባሮክ እንደሚተርከው ኢየሩሳሌም በባቢሎናውያን እጅ ልትወድቅ በተቃረበች ጊዜ ኤርምያስ ስለዚህ ሰው ተጨነቀ፤ የከተማይቱን ጥፋት አይቶ እንዳያዝን ለመነ። በታዘዘውም መሠረት ለሕመምተኞች በለስ እንዲያመጣ ብሎ ከከተማ ውጭ ላከው። አቤሜሌክ በለሱን በቅርጫት ይዞ ሲመለስ የቀትር ፀሐይ በረታበትና ጥቂት ለማረፍ ከዛፍ ጥላ ሥር ተቀመጠ። ተኛ። ከተማይቱ ተቃጠለች፤ ሕዝቡ ተማርኮ ወደ ባቢሎን ሄደ፤ ልጆች ተወለዱ፤ ሽማግሌዎች በባዕድ አገር ሞቱ። አቤሜሌክ ከ66 ዓመት በኋላ ነቃ። በለሱ ገና ትኩስ ነበር፤ ወተቱ ይንጠባጠባል።

በዚህ ትረካ ሁልጊዜ ቀልቤን የሚስበው ከነቃ በኋላ ያለው ክፍል ነው። አቤሜሌክ መጀመሪያ የተሰማው ራሱን እንደከበደውና እንቅልፍ እንዳልጠገበ ነው። ስልሳ ስድስት ዓመት ተኝቶ ጥቂት ቢጨምር ወደደ! ከተማይቱ ሲደርስ ቤቱንም ጎረቤቱንም አጣ፤ መንገድ የተሳሳተ መሰለው። ወጥቶ ምልክቶቹን ተመለከተ፤ ከተማይቱ ራስዋ ናት። እንደገና ገባ፤ አሁንም የሚያውቀው የለም። በመጨረሻ አንድ ሽማግሌ አገኘና ስለ ኤርምያስ ጠየቀው። ሽማግሌውም ኤርምያስ ከሕዝቡ ጋር ባቢሎን ከወረደ ብዙ ዘመን እንደሆነው ነገረው። አቤሜሌክ አላመነም፤ ሽማግሌ ባትሆን ኖሮ እስቅብህ ነበር የሚል መንፈስ ያለው መልስ ሰጠውና ማስረጃውን አወጣ። ማስረጃው በለሱ ነው። ዛሬ ጠዋት የተቀጠፈ በለስ በእጄ ይዤ እንዴት ይህን ያህል ዘመን አለፈ ትለኛለህ?

ሽማግሌው አልተቆጣም፤ አላፌዘበትምም። ወደ እርሻው እንዲመለከት አደረገው። ቡቃያው ገና ብቅ እያለ ነው፤ ወቅቱ የበለስ ወቅት አይደለም። አቤሜሌክ አየ፤ ተረዳም።

ሊቃውንት ይህ መጽሐፍ የተጻፈው ስለ ባቢሎን ዘመን በማስመሰል ሁለተኛው ቤተ መቅደስ በ70 ዓ.ም. እ.ኤ.አ. በሮማውያን ከፈረሰ በኋላ ነው ይላሉ። ጸሐፊው አንድን ጥፋት በሌላ ጥፋት ሸፍኖ ለዘመኑ ሰዎች ተናገረ፤ ሰምና ወርቅ ለለመደ አንባቢ ይህ እንግዳ አይሆንም። እኔ ከትረካው የምወስደው ሁለት ነገር ነው። የአቤሜሌክ ኪስ የምሕረት ኪስ ነበር፤ ለክፉ አልተሠራበትም። ከኪሱ የወጣውም በራሱ አእምሮ ብርታት አይደለም፤ እውነቱን በትዕግሥት የሚነግረው ሰው ስላገኘና እርሱም ቀና ብሎ እርሻውን ለማየት ፈቃደኛ ስለሆነ ነው።

በአዋጅ የቆመ ጊዜ

ምሕረት የሌለባቸውን ኪሶች የሠሩት መንግሥታት ናቸው። የፈረንሳይ አብዮተኞች በ1793 እ.ኤ.አ. የክርስቲያኑን አቆጣጠር ሽረው ዘመንን ሪፐብሊኩ ከታወጀበት ከመስከረም 22 ቀን 1792 ጀምሮ እንደ አዲስ ቆጠሩ። አሥራ ሁለት ወራት፣ እያንዳንዳቸው 30 ቀን፣ በዓመቱ መጨረሻ 5 ወይም 6 ትርፍ ቀናት፤ ጳጉሜን ላሳደገችን ለእኛ አዲስ ነገር አልነበረም። አዲስ የነበረው ሳምንቱ አሥር ቀን መሆኑ ነው። ሠራተኛው በሰባት ቀን ያርፍ የነበረው በአሥር ቀን እንዲያርፍ ሆነ፤ ገበሬው ግን እሑዱን አልለቀቀም። ናፖሊዮን ከጥር 1 ቀን 1806 ጀምሮ አቆጣጠሩን አስቀረው። ሶቪየት ኅብረትም በ1929 እ.ኤ.አ. ፋብሪካዎች ያለ ዕረፍት እንዲሠሩ አምስት ቀን ያለው ሳምንት አወጀች። ሠራተኞች በቀለም ተከፋፈሉ፤ የባል ዕረፍት ሰኞ፣ የሚስት ዕረፍት ሐሙስ የሆነበት ቤት ተፈጠረ። በ1931 ስድስት ቀን አደረጉት፤ በ1940 ወደ ሰባት ቀን ተመለሱ።

ወደ አገራችን እንምጣ። በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ስድስት ኪሎ ግቢ፣ የቀድሞው ገነተ ልዑል ቤተ መንግሥት አጠገብ፣ ወደ ሰማይ እየተጠማዘዘ የሚወጣ የሲሚንቶ ደረጃ አለ። ወደየትም አያደርስም። ጣሊያኖች የሠሩት ነው፤ እያንዳንዱ እርከን ሙሶሊኒ ሥልጣን ላይ የቆየበትን አንድ ዓመት ያመለክታል። ፋሺስቶች ዘመናቸውን የሚቆጥሩት ወደ ሮም ከዘመቱበት ከጥቅምት 1922 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ነበርና አዲስ አበባ የገቡበት ዓመት በእነርሱ አቆጣጠር ዓመተ ፋሺዝም 14 ነበር። በእነርሱ ሐሳብ እኛም በዚያ ደረጃ ላይ ቆመን ወደ ላይ መቁጠር ነበረብን። ድሉ ሲመጣ ደረጃውን ያፈረሰው የለም፤ ጫፉ ላይ የይሁዳ አንበሳ ተቀመጠበት። ተማሪ ሳለሁ በሥሩ ባለፍኩ ቁጥር ፈገግ እል ነበር። የሌላውን ሰው የዘመን ቆጠራ ለማቆም ከዚህ የተሻለ መልስ አላየሁም።

የራሳችን ገዢዎችም ቢሆኑ በጊዜ ላይ እጃቸውን ከማንሣት አልቦዘኑም። ፋሺስት ጦር አዲስ አበባ የገባው ሚያዝያ 27 ቀን 1928 ዓ.ም. ነው። ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ወደ ዋና ከተማቸው የተመለሱት ሚያዝያ 27 ቀን 1933 ዓ.ም. ነው። ልክ አምስት ዓመት፤ አንድ ቀን ሳይጎድል፣ አንድ ቀን ሳይተርፍ። ከተማይቱ ግን ከጣሊያን እጅ የወጣችው አንድ ወር ያህል ቀደም ብሎ መጋቢት 28 ቀን ነበር። ቀኑ እንዲገጥም ሲባል የአምስቱ ዓመት መጽሐፍ በተከፈተበት ገጽ ተዘጋ። ደርግ በተራው ይህን አልወደደውም። ንጉሡን ከድሉ ለመነጠል የድል በዓልን ከሚያዝያ 27 ወደ መጋቢት 28 አዛወረው። በ1983 ዓ.ም. መንግሥት ሲለወጥ በዓሉ ወደ ሚያዝያ 27 ተመለሰ። አርበኛው ጫካ ውስጥ ያፈሰሰው ደም አንድ ነው፤ የሚታሰብበት ቀን ግን ቤተ መንግሥቱን በያዘው ሰው ፈቃድ ወዲያና ወዲህ ተጓዘ።

አደባባያችንም እንዲሁ ነው። መስቀል አደባባይ የነበረው በደርግ ዘመን አብዮት አደባባይ ተባለ፤ ከ1983 በኋላ ደግሞ መስቀል አደባባይ ሆነ። እስቲ አንድ ሌላ አቤሜሌክ እናስብ። በ1966 መጀመሪያ ላይ አደባባዩ ዳር ካለ ዛፍ ሥር ተኝቶ በ1985 የነቃ ሰው የአደባባዩን ስም ቢጠይቅ «መስቀል አደባባይ» ይባላል። በለሱም ትኩስ፣ ስሙም ያው! እንግዲህ ምንም አልሆነም ብሎ ወደ ቤቱ ቢሄድ ማን ይፈርድበታል? በመካከሉ ያለፈውን ትውልድ የሚነግረው አንድም ሰሌዳ በዚያ አያገኝም።

ወሬ አጥቶ አልነበረም

ሦስተኛው ዓይነት ኪስ ሰው በራሱ ላይ የሚዘጋው ነው። ጃፓናዊው የጦር መኮንን ሂሮ ኦኖዳ በታኅሣሥ 1944 እ.ኤ.አ. ወደ ፊሊፒንሷ ሉባንግ ደሴት ሲላክ የ22 ዓመት ወጣት ነበር። እጅ እንዳይሰጥ ታዟል። በ1945 ጦርነቱ ሲያበቃ እርሱና ሦስት ባልደረቦቹ ጫካ ውስጥ ቀሩ። አንዱ ወጥቶ እጁን ሰጠ፤ ሁለተኛው በ1954፣ ሦስተኛው በ1972 በተኩስ ተገደሉ። ኦኖዳ ብቻውን ቀጠለ። በእነዚያ ዓመታት ጦርነት ውስጥ መኖራቸውን የማያውቁ የደሴቲቱ ገበሬዎች በእርሱና በባልደረቦቹ ጥይት ሞተዋል። ይህን መዘንጋት አይገባም፤ በራሱ ዘመን ውስጥ የተዘጋ ሰው የሚገድለው የሌላ ዘመን ሰዎችን ነው።

ብዙዎች ኦኖዳን ወሬ ያልደረሰው ሰው አድርገው ያስቡታል። ስሕተት ነው። በራሪ ወረቀት ከአውሮፕላን ተበትኖለታል፤ የቤተሰቡ ደብዳቤና ፎቶግራፍ ተልኮለታል፤ ጋዜጣ ተትቶለታል። ሬዲዮ እንኳ ነበራቸው፤ የፈረስ ግልቢያ ውድድር እያዳመጡ ከጓደኛው ጋር ይወራረዱ ነበር። ነገር ግን ለእያንዳንዱ ወሬ ማስተባበያ ነበረው። በራሪ ወረቀቱ የጠላት ተንኰል ነው፤ ፎቶግራፉ የተቀነባበረ ነው፤ ጋዜጣው ለማታለል የታተመ ነው። ኪሱን የዘጋው ይህ ለሁሉም ነገር መልስ ያለው አእምሮ ነው።

በመጨረሻ ያገኘው ኖሪዮ ሱዙኪ የተባለ ተጓዥ ወጣት ነበር። ኦኖዳ ከአዛዡ ትእዛዝ ካልመጣልኝ አልወጣም አለ። የቀድሞው አዛዡ ሻለቃ ታኒጉቺ ያን ጊዜ መጽሐፍ ሻጭ ሆኖ ነበር። ከጃፓን ተፈልጎ መጣና መጋቢት 9 ቀን 1974 እ.ኤ.አ. ጫካው ውስጥ ቆሞ ትእዛዙን አነበበለት። ቀኑን ወደ እኛ አቆጣጠር ስመልሰው የካቲት 30 ቀን 1966 ዓ.ም. ሆኖ አገኘሁትና ደነገጥኩ። በዚያው ሰሞን የአዲስ አበባ ሠራተኞች አጠቃላይ የሥራ ማቆም አድማ ላይ ነበሩ፤ የአክሊሉ ካቢኔ ከወደቀ ገና ሁለተኛ ሳምንቱ ነው። ኦኖዳ ከኪሱ በወጣበት ሰሞን የእኛ ሰዎች ወደ ኪሳቸው መግባት ጀምረው ነበር።

የእኛ ስልሳ ስድስት

የአቤሜሌክ ስልሳ ስድስት ዓመትና የእኛ ስልሳ ስድስት መገጣጠማቸው አጋጣሚ እንጂ ሌላ አይደለም። ይሁንና በአገራችን ፖለቲካ «ከስልሳ ስድስት በፊት»፣ «ከስልሳ ስድስት በኋላ» ሳይል ዐረፍተ ነገር የሚጨርስ ሰው ማግኘት አስቸጋሪ መሆኑን ልብ በሉ። በ2010 ዓ.ም. ለውጡን ተከትሎ ለአሥርት ዓመታት በስደት የኖሩ ፖለቲከኞች ወደ አገር ቤት ሲመለሱ ብዙዎቻችን በደስታ ተቀበልናቸው። እኔም በቀጣዩ ዓመት አዲስ አበባ ውስጥ በተዘጋጀ አንድ የውይይት መድረክ ላይ ተገኝቼ ነበር። ተናጋሪው በዕድሜ የገፉ፣ የተማሩ፣ ብዙ የከፈሉ ሰው ናቸው። አንድ ሰዓት ያህል ተናገሩ። የማን ክንፍ መቼ ከማን እንደተገነጠለ፣ በ1968 የትኛው ወረቀት በማን እንደተጻፈ፣ በ1969 ማን ማንን አሳልፎ እንደሰጠ በቀንና በሰዓት አወጉን። የትኛውም ቃላቸው ውሸት ነው ብዬ አላምንም። የጥያቄ ጊዜ ሲደርስ ከኋላ መቀመጫ አንድ ወጣት ተነሥቶ «ጋሼ፣ ያሉትን በአክብሮት አዳምጫለሁ። እኔ ግን የተወለድኩት በ1987 ነው። አከራዬ በየስድስት ወሩ ኪራይ ይጨምርብኛል። ለእኔ ምን አለዎት?» አለ። አዳራሹ ሳቀ። አዛውንቱ አልሳቁም። ለጥቂት ጊዜ ዝም አሉና «ልጄ፣ ወደዚያ እየመጣሁ ነው» ብለው ወደ 1969 ተመለሱ።

በእጃቸው የያዙት በለስ ትኩስ ነበር፤ ቁስሉም ቂሙም ትናንት የተቀጠፈ ይመስላል። ለዚያ ነው ስልቻውን ሙሉ ዘመን ማለፉን ማመን ያቃታቸው።

ይህን የምጽፈው በአዛውንቱ ላይ ለመሳለቅ እንዳይመስላችሁ። እኔም ኪስ አለኝ፤ የእኔ ኪስ 1997 ይባላል። የዚያን ዓመት ግንቦት 7 ከሌሊቱ አሥር ሰዓት ጀምሮ የተሰለፍኩበትን ሰልፍ፣ ከኋላዬ ቆመው ዳቦ ያካፈሉኝን እናት፣ ከዚያም በኋላ የሆነውን ሁሉ እንደ ዛሬ ጠዋት አስታውሰዋለሁ። መጻፍ የጀመርኩት ከዚያ ቁጭት ነው። ለብዙ ዓመታት አዲስ ነገር በተከሰተ ቁጥር በ1997 መስፈሪያ ስሰፍረው ኖሬያለሁ። አንድ ቀን አንዲት ወጣት አንባቢ «ዘጠና ሰባት ላይ ምን ሆኖ ነበር?» ብላ ስትጠይቀኝ መጀመሪያ የተሰማኝ ቁጣ ነው። ቀጥሎ አቤሜሌክን አስታወስኩ። ልጅቱ አላፌዘችብኝም፤ ወደ እርሻው እንድመለከት መጠየቋ ነበር።

መርዶ

እስካሁን ያነሣኋቸው ኪሶች ሰው ሊወቅሰውም ሊስቅበትም የሚችል ነገር አላቸው። የመጨረሻው የለውም።

በዘመናችን ጊዜን ለማቆም የቀን መቁጠሪያ መቀየር አያስፈልግም፤ መስመር መቁረጥ ይበቃል። በ2012 ዓ.ም. ከጥር እስከ መጋቢት በምዕራብ ወለጋ ስልክና ኢንተርኔት ተቋርጦ ነበር። በጥቅምት 2013 በትግራይ ጦርነቱ ሲጀመር የመገናኛ አገልግሎት ተቋረጠ፤ በአንዳንድ ከተሞች በከፊል ተመልሶ ከሰኔ 2013 በኋላ እንደገና ተዘጋ፤ ጥቅምት 23 ቀን 2015 ዓ.ም. የፕሪቶሪያው ስምምነት እስኪፈረምና ከዚያም ወራት እስኪያልፉ ድረስ ብዙው አካባቢ በጨለማ ቆየ። በአማራ ክልልም ከሐምሌ 2015 መጨረሻ ጀምሮ የተንቀሳቃሽ ስልክ ኢንተርኔት ለአንድ ዓመት ያህል ተዘግቶ ነበር። የየጊዜው ምክንያት ምንም ይሁን ምን ውጤቱ አንድ ነው፤ የአገሪቱ አንድ ክፍል ከሌላው ክፍል ዘመን ተቆርጦ ቀረ።

የሥራ ባልደረባዬ እናቱ ትግራይ ውስጥ በአንዲት ትንሽ ከተማ ነበሩ። መስመሩ ከተዘጋ በኋላ ስለ እርሳቸው የሚያውቀው ነገር አልነበረም። በየማለዳው ቢሮ ሲገባ ቁጥራቸውን ይደውላል፤ አይሠራም፤ ስልኩን አስቀምጦ ሥራውን ይጀምራል። ለ2014 ገና ነጠላ ገዛላቸው። ለ2015 እንቁጣጣሽ ሌላ ጨመረ። «መንገዱ ሲከፈት ሁለቱንም ይዤላት እገባለሁ» ይል ነበር። ሁለቱም በላስቲክ እንደተጠቀለሉ መሳቢያው ውስጥ ነበሩ፤ አይቻቸዋለሁ።

በጥር 2015 መስመሩ ተከፈተ። ዘመዶች መጀመሪያ የደወሉት ለእርሱ አልነበረም፤ እንደ ወጉ ለአጎቱ ነው የደወሉት። በማግሥቱ ገና ሳይነጋ ሽማግሌዎች በሩን አንኳኩ። እናቱ ያረፉት በኅዳር 2014 ነበር፤ የሚወስዱት የስኳር መድኃኒት አልቆባቸው። አሥራ አራት ወር። የመጀመሪያውን ነጠላ ሲገዛ እናቱ ከተቀበሩ ወር አልፏቸው ነበር።

ድንኳን ተተከለ፤ ለቅሶ ደረስን። ግን ሁላችንም ግራ ገባን። አርባቸው አልፏል፤ ሙት ዓመታቸው እንኳ አልፏል። ሬሳ የለ፣ ቀብር የለ። አንድ ሽማግሌ እንደ ልማዱ «መቼ ነው ያረፉት?» ብለው ጠየቁ። ባልደረባዬ መልስ ከመስጠቱ በፊት ረጅም ጊዜ አሰበ። ከዚያም «ለሌላው ሰው አምና ነው አባቴ፤ ለእኔ ዛሬ ጠዋት ነው» አለ።

ዳሱ ውስጥ ተቀምጬ ያንን በለስ አሰብኩ። ወተቱ የሚንጠባጠብ በለስ፣ ከላስቲኩ ያልወጣ ነጠላ። የአቤሜሌክ እንቅልፍ ግን ሐዘን እንዳያይ ተብሎ የተሰጠ ነበር። ለባልደረባዬ ሐዘኑ አልቀረለትም፤ የተወሰደበት የሚያዝንበት ጊዜ ነው። እናቱ በሕይወት ሳሉ በሐሳቡ ቀብሯቸው ይሆናል፤ ከሞቱ በኋላ ደግሞ በሕይወት አኑሯቸዋል። አንድ መንግሥት ከዜጋው ላይ ገንዘብ ቢወስድ በፍርድ ቤት ይጠየቃል፤ መሬት ቢወስድ ካሣ ይባላል። የአሥራ አራት ወር ልቅሶ ለወሰደ ግን ካሣው በምን ይሰላል?

ሽማግሌው የት አለ?

እንግዲህ ወደ ልጁ ካርታ ልመለስ። «አያውቁም እኮ» ያለው እውነት ነው። ኪስ ውስጥ ያለ ሰው በራሱ አያውቅም፤ ለእርሱ በለሱ ትኩስ ነውና። ፈረንሳዮችን ከአሥር ቀኑ ሳምንት ያዳናቸው እሑዱን ያልረሳ ገበሬ ነው። ኦኖዳን ያወጣው ትእዛዝ ሊያነብ ባሕር የተሻገረ መጽሐፍ ሻጭ ነው። ሰሜን ኮሪያ በ2015 እ.ኤ.አ. ሰዓቷን ከደቡቧ በግማሽ ሰዓት ለይታ ነበር፤ ሁለቱ መሪዎች በሚያዝያ 2018 ሲገናኙ ግድግዳው ላይ ሁለት ሰዓት ተሰቅሎ ጠበቃቸው፤ ሳምንት ያህል ቆይቶ የሰሜኑ ሰዓት ከደቡቡ ጋር ተስተካከለ። ሰዎቹ ፊት ለፊት ባይገናኙ ኖሮ የሁለቱን ሰዓት ልዩነት ማን ከቁም ነገር ይቆጥረው ነበር?

በአገራችን ዛሬ ስለ ምክክር ብዙ ይነገራል። በአንድ አዳራሽ የሚሰበሰቡት ሰዎች ግን አንዱ ከ1966፣ ሌላው ከ1983፣ ሌላው ከ1997፣ ሌላው ከ2013 የመጡ ናቸው። እያንዳንዱ ቅርጫቱን ይዟል፤ በእያንዳንዱ ቅርጫት ውስጥ ያለው በለስ ለባለቤቱ ትኩስ ነው፤ ውሸት አይደለም። በለሱን ጣል ማለት ሰውን መካድ ነው። ዘመኑ አላለፈም ብሎ አብሮ መተኛት ደግሞ አገርን መካድ ነው። ሽማግሌው ሁለቱንም አላደረገም፤ በለሱን አይቶ ትኩስ መሆኑን መሰከረ፤ ከዚያም ወደ እርሻው አመለከተ። በትረካው መሠረት አቤሜሌክ ሲለያዩ ከበለሱ ቆርሶ ለሽማግሌው ሰጠው። እኔ ምክክር የምለው ይህንን ነው።

ለእህቴ ልጅ በሚቀጥለው ስንገናኝ አንድ ነገር እንዲጨምርበት እነግረዋለሁ። በካርታው ላይ በየኪሱ መውጫ አንድ ሽማግሌ ይሣል፤ መንገዱም ለሽማግሌው ክፍት ይሁን፤ የስልኩም መስመር እንዳይቆረጥ።

ቸር እንሰንብት።